ሠላሳ ሜትር የምትረዝም ሰከንድ

ለክቡር የገጠር ውሃ ጥናትና ቁፋሮ ማስተባበሪያ ጽሕፈት ቤት ኃላፊ፣
ባሉበት።

ክቡር ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ የከበረ ሰላምታዬ ባሉበት ይድረስዎ እያልኩ፣ ለእርስዎ ጤናን፣ ለቤተሰብዎ ደስታን፣ ለጽሕፈት ቤትዎ ሠራተኞች በሙሉ ብርታትን፣ በመግቢያው በር አጠገብ ለቆመው የመጠጥ ውሃ ማቀዝቀዣም ረጅም ዕድሜን እመኛለሁ። ከመንደሬ በመጣሁ ቁጥር ከእርሱ ቀድቼ ስለምጠጣ ውለታው አለብኝ፤ በአካባቢያችን በጋውን ሳይነጥፍ የሚከርም የውሃ ምንጭ ቢኖር እርሱ ብቻ መሆኑንም በዚህ አጋጣሚ እመሰክራለሁ።

እኔ አዝመራው ደረሰ እባላለሁ። ሠላሳ አንድ ዓመት ዳንግላ ውስጥ ጂኦግራፊ አስተምሬ ጡረታ ከወጣሁ በኋላ ከዘንገና ሐይቅ በላይ ወዳለችው የትውልድ መንደሬ ተመልሼ ድንችና ገብስ እየዘራሁ እኖራለሁ። የመንደሩ ሰው ወረቀት ማንበብ ይችላል ብሎ የውሃ ኮሚቴ ጸሐፊ አድርጎኛል። ከዚህ ቀደም በኤንቨሎፕ አሽጌ የላክኋቸው አራት ደብዳቤዎች መዝገብ ቤት ከገቡ በኋላ መንገድ ስለጠፋባቸው፣ ይህኛው መንገዱን ሰው እየጠየቀ ወደ እርስዎ እንዲደርስ በማሰብ ሳላሽግ ገልጬ ልኬዋለሁና ድፍረቴን ይቅር ይበሉልኝ።

ጉዳዬ ስለ አንዲት ሰከንድ ነው። ክቡርነትዎ በሥራ ብዛት የተነሳ ብዙ ሰከንዶች ስለሚያልፉብዎ የትኛዋ እንደሆነች ግራ እንዳይገባዎ ላስረዳ፤ ይህች በሰዓት የምትቆጠረዋ ሳትሆን በካርታ ላይ ያለችው ናት። የምድር ዙሪያ በሦስት መቶ ስድሳ ዲግሪ ይከፈላል፣ ዲግሪው በስድሳ ደቂቃ፣ ደቂቃው በስድሳ ሰከንድ። ከማዕዘን መለኪያዎች ሁሉ እጅግ ትንሽ ከሚባሉት አንዷ ናት፤ በክፍል ውስጥ በጠመኔ ልስላት ብል የጠመኔው ውፍረት ይሸፍናት ነበር። እኛ አገር መሬት ላይ ወርዳ ስትዘረጋ ግን ሠላሳ ሜትር ትሆናለች፤ በእኔ የሽማግሌ እርምጃ ሃምሳ እርምጃ ገደማ። ቅሬታዬንና ምስጋናዬን በተራ ቁጥር አቀርባለሁ።

፩ኛ. በመጀመሪያ ከሁለት ዓመት በፊት በጥቅምት ወር ባለሙያ ስለላኩልን ከልብ እናመሰግናለን። ሶስና የምትባል ወጣት የከርሰ ምድር ውሃ አጥኚ መጥታ ሦስት ቀን ሙሉ ሽቦ እየዘረጋች፣ መሣሪያ እያነበበች፣ ዳገቱን ስትወጣና ስትወርድ ከረመች። በሦስተኛው ቀን በወይዘሮ እታለማሁ ማሳ መካከል ችካል ተከለች። እታለማሁ ባሏ የሞተባት፣ ከእኔ በሁለት ዓመት የምታንስ ጎረቤቴ ናት፤ ያ ማሳም ከቤቷ ጓሮ ያለ፣ ካላት ሁሉ የተሻለው ማሳዋ ነው። ሶስና ሁላችንንም ሰብስባ እንዲህ አለች፦ "ከታች ያለው ጥቁር ድንጋይ ነው። ውሃው የሚያልፈው ድንጋዩ በተሰነጠቀበት ብቻ ነው፤ ስንጥቁ ደግሞ ጠባብ ነው። ይህን ችካል ማንም እንዳያንቀሳቅሰው፤ ጥቂት እርምጃ ከሳታችሁ ውሃውን ሳታችሁት ማለት ነው።" ከዚያም የቦታውን ቁጥር በማስታወሻ ደብተሬ ላይ በእጇ ጻፈችልኝ፤ ምሥራቅ ኬንትሮስ ሠላሳ ስድስት ዲግሪ፣ ሃምሳ ስምንት ደቂቃ፣ አሥራ አራት ሰከንድ።

እታለማሁ በማግስቱ ቀርከሃ አስቆርጣ ችካሉን አጠረችው። ከብት እንዳይረግጠው፣ ውሃ ሲመጣም ሰው የሚቆምበት ቦታ እንዲኖር ብላ፣ ማሳውን በሙሉ ሁለት ክረምት ሳትዘራው ተወችው። ድንችሽን ከየት ልታገኚ ነው ብለን ስንጠይቃት "ድንችስ ከገበያ ይገኛል" ብላ ሳቀች። እንግዲህ ክቡር ሆይ፣ ከእርስዎ ጽሕፈት ቤት ውጭ ለዚህ ሥራ መሬትና ጉልበት ያዋጣ ሰው ቢኖር ይህች ሴት መሆኗ በሪፖርትዎ ውስጥ ስላልተጠቀሰ እኔ እዚህ መጥቀሴን እንደ ድፍረት አይቁጠሩብኝ።

፪ኛ. ሁለተኛው ክረምት እንዳለፈ የቁፋሮ ትእዛዙ ግልባጭ ለኮሚቴው ሲደርስ ደስታችን ወሰን አልነበረውም። ወረቀቱ ባለ ማኅተም ነበር፣ ፊርማውም ያማረ ነበር። እኔ በአስተማሪ ልማዴ ቁጥሩን ከደብተሬ ጋር ሳመሳክር ግን አሥራ አራት የነበረው ሰከንድ አሥራ አምስት ሆኖ አገኘሁት። ሌላው ሁሉ ልክ ነው፤ አንዲት ቁጥር ብቻ የጸሐፊዋ ጣት ከጎረቤቷ ቁልፍ ላይ አርፋለች።

በበነጋው በባጃጅ ጽሕፈት ቤትዎ ወዳለበት ወደ ቆሰበር ገባሁ። የሚመለከተው ባለሙያ ስልክ ላይ ስለነበር በእጁ ምልክት እየሰጠኝ "አንድ ሰከንድ ጠብቁኝ አባባ" አለኝ። ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ የተነገረችው ይህች ሰከንድ ከቀኑ ስምንት ሰዓት ተኩል ላይ ተፈጸመች። በጽሕፈት ቤትዎ ሰከንድ ይህን ያህል በልግስና እንደሚሰጥ ባለማወቄ ዳቦ ሳልይዝ መምጣቴ የራሴ ጥፋት ነው። ተራዬ ደርሶ ወረቀቱንና ደብተሬን ጎን ለጎን ሳስቀምጥለት ባለሙያው አየት አደረገና ፈገግ አለ።

"ለአንድ ሰከንድ ነው ከዘንገና ድረስ የመጡት?"

ሰከንዷ መሬት ላይ ሠላሳ ሜትር መሆኗን ነገርኩት። እርሱም በትሕትና አዳመጠኝ፤ ደብዳቤው ተፈርሞ ወጪ ከሆነ በኋላ አንዲት ፊደል እንኳ ለመቀየር እንደገና ቃለ ጉባኤ እንደሚያስፈልግ፣ ቃለ ጉባኤው ከተጀመረ ደግሞ ማሽኑ ወደ ሌላ ወረዳ እንደሚያልፍ አስረዳኝ። ቀጥሎም "አይጨነቁ መምህር፣ ቆፋሪዎቹ ችካሉን ሲያዩ ችካሉ ላይ ነው የሚቆፍሩት" አለኝ።

፫ኛ. ሦስተኛው ቅሬታዬ በራሴ ላይ ነው። በዚያ ቀን ወንበሩ ላይ ተቀምጬ ቃለ ጉባኤው ይያዝ፣ ማሽኑም ይለፍ ማለት እችል ነበር። አላልኩም። ለሠላሳ አንድ ዓመት ተማሪዎቼን "ዲግሪና ደቂቃ ይበቃል፣ ሰከንዷን ተዉአት" እያልኩ አስተምሬአለሁ፤ በፈተናም ሰከንድ ለጻፈ ተጨማሪ ማርክ ሰጥቼ አላውቅም። ስለዚህ የባለሙያዎ ፈገግታ የራሴው ፈገግታ መሰለኝና አመንኩት። ወደ መንደር ተመልሼ እታለማሁ "ምን አሉህ?" ብላ ስትጠይቀኝ "ትንሽ ስህተት ናት፣ ችግር የለውም" አልኳት። ይህን ቃል ከአፌ ያወጣሁት እኔ ነኝ እንጂ ክቡርነትዎ አይደሉም፤ በዚህ ረገድ ከማናቸውም ወቀሳ ነፃ ነዎት።

፬ኛ. በጥር ወር ማሽኑ መጣ። ስለ ማሽኑ ምስጋናችን ታላቅ ነው፤ እንዲያ ያለ ግዙፍ ነገር በመንደራችን ታይቶ አያውቅም፣ ፈረሶቹ እንኳ ደንብረው እስከ ሐይቁ ዳር ሸሽተዋል። እታለማሁ ለሠራተኞቹ ድንች ቀቅላ፣ ዳቦ ጋግራ፣ የቀርከሃውን አጥር በገዛ እጇ ከፍታ ትጠብቅ ነበር። የቁፋሮው ኃላፊ አበረ የሚባል፣ ፊቱ በአቧራ የተሸፈነ ትሑት ሰው ነው። በእጁ የያዘውን የቦታ ማመልከቻ መሣሪያ እያየ በችካሉ አጠገብ አለፈ፤ አጥሩን አለፈ፤ ማሳውን ጨርሶ ጥቁሩ ድንጋይ ከመሬት ብቅ ብቅ ካለበት ከግጦሹ ዳር ቆመ። "እዚህ ነው" አለ።

እታለማሁ መጀመሪያ የቀለደ መስሏት ነበር።

"ልጄ፣ ችካሉ እኮ ወዲያ ነው" አለችው።

"አየሁት እማማ። ወረቀቱ ግን እዚህ ነው የሚለኝ። ከወረቀቱ ወጥቼ ቆፍሬ ውሃ ባይወጣ ተጠያቂው እኔ ነኝ፤ በወረቀቱ ቆፍሬ ባይወጣ ግን ማንም አይጠይቀኝም።"

እኔ ደብተሬን አወጣሁ፣ የሶስናን የእጅ ጽሑፍ አሳየሁት። አበረ አንብቦ አንገቱን ነቀነቀ፤ ያመነኝ መሆኑ ከፊቱ ይታወቅ ነበር። ኔትወርክ ፍለጋ ጉብታው ላይ ወጥቶ ወደ ጽሕፈት ቤትዎ ደወለና ሁላችንም እንድንሰማ ድምፁን ከፍ አደረገው። ባለሙያዎ "አሁንም ያቺን አንድ ሰከንድ ነው የምትከራከሩባት?" አለ፤ ከዚያ "አንድ ሰከንድ፣ ኃላፊውን ልጠይቅ" ብሎ ስልኩን አስቀመጠው። ከጉብታው ላይ ቆመን በስልኩ ውስጥ የወረቀት ኮሽታ፣ የበር መከፈት፣ የሰዎች ሳቅ ሰማን። ከዚያ መስመሩ ተቋረጠ፤ ደግመን ብንደውል የሚያነሳ አልተገኘም። እስከ ምሳ ሰዓት ጠበቅን።

በዚህ መካከል እታለማሁ ወደ እኔ ጠጋ ብላ ቀስ ብላ ጠየቀችኝ፦ "መምህር፣ አንድ ሰከንድ ነው ልዩነቱ ብለኸኝ አልነበር? ታዲያ እስክታልፍ ለምን አንጠብቅም?"

ክቡር ሆይ፣ በማስተማር ዘመኔ ብዙ ጥያቄ ተጠይቄአለሁ፤ ይህን የመሰለ ግን አላጋጠመኝም። የሰዓቷ ሰከንድ ታልፋለች፣ የካርታዋ ሰከንድ አታልፍም ብዬ ለማስረዳት ሞከርኩ። አጠገባችን የነበሩት የደብራችን መሪጌታ ባንተአምላክ ሰሙኝና ተገረሙ፤ በቤተ ክርስቲያን የዘመን አቆጣጠር፣ በባሕረ ሐሳብ፣ ኬክሮስ ማለት የዕለት ስድሳኛ እጅ እንደሆነች፣ የኬክሮስ ስድሳኛዋም ካልዒት፣ ሁለተኛይቱ እንደምትባል ነገሩኝ። "እናንተ የጊዜውን ስም ወስዳችሁ ምድር ላይ ዘረጋችሁት፤ ምድር ደግሞ እንደ ጊዜ ሄዳ አትመለስላችሁም" አሉ።

ከምሳ በኋላ አበረ ማሽኑ ሰኞ ጥርባ በኩል ቀጠሮ እንዳለበት ነግሮን፣ እታለማሁን ይቅርታ ጠይቆ፣ ቁፋሮ ጀመረ። ሦስት ቀን ቆፈሩ። አንድ መቶ ሠላሳ ሜትር ወረዱ። በየቀኑ ከጉድጓዱ የሚወጣው አመድ የመሰለ ደረቅ ብናኝ ነበር፤ ሴቶቹ ጀሪካናቸውን ታቅፈው ቆመው ብናኙ ነጠላቸውን ሲያለብሰው ያዩ ነበር። በሦስተኛው ቀን አበረ ሞተሩን ሲያጠፋ የተፈጠረው ጸጥታ እስካሁን ጆሮዬ ውስጥ አለ። እታለማሁ ወደ ሠራተኞቹ ሄዳ "ደክሟችኋል፣ እህል ቅመሱ" አለቻቸው። አበረ ዳቦውን ተቀብሎ ሊበላው አልቻለም፤ በእጁ እንደያዘው ወደ መኪናው ገባ።

፭ኛ. እስካሁን የጻፍኩትን ሁሉ እንደ ስህተት ቆጥሬ ልረሳው እችል ነበር፤ ሰው ሆኖ የማይሳሳት የለምና። የዚህ ግልጽ ደብዳቤ ምክንያት ግን ከዚያ በኋላ የላኩልን መልስ ነው። በሪፖርትዎ "በተጠናው ቦታ ላይ ተቆፍሮ ውሃ ስላልተገኘ ቀበሌው ከዕቅድ ወጥቷል" ተብሎ ተጻፈ። እኛም በተጠናው ቦታ ላይ እንዳልተቆፈረ፣ የተጠናው ቦታ ሠላሳ ሜትር ወዲህ ሳይነካ እንዳለ አመለከትን። ሶስናን በስልክ አፈላልጌ አገኘኋት፤ ኮንትራቷ አልቆ ሌላ ክልል ሄዳለች። ስነግራት "መምህር፣ አሥራ አራት ነው። ደብተሬ ላይ አለ፣ አሁን ፎቶ አነሣዋለሁ" አለች። ፎቶውን አሳትሜ አያያዝኩት። በመጋቢት ወር የደረሰን መልስ ፎቶው ዋናው ሰነድ ባለመሆኑ ተቀባይነት እንደሌለው ከገለጸ በኋላ እንዲህ ይላል፦ "በሁለቱ ነጥቦች መካከል ያለው ልዩነት አንድ ሰከንድ ብቻ በመሆኑ ቦታው አንድና ያው ተደርጎ ተወስዷል።"

ይህን ዓረፍተ ነገር ደጋግሜ አንብቤዋለሁ። በጥር ወር ሰከንዷ እጅግ ትልቅ ስለነበረች ማሽን ሊሻገራት አልቻለም፤ በመጋቢት ወር እጅግ ትንሽ ስለሆነች ልትታይ አልቻለችም። በጂኦግራፊ እንዲህ ያለ መለኪያ የለም። እኔ ያረጀሁ አስተማሪ ነኝና፣ ትምህርቱ ከተሻሻለ ለማወቅ ያህል፣ አዲሱ ሰከንድ በየወሩ ስንት ሜትር እንደሚሆን የሚገልጽ ሰንጠረዥ ቢላክልኝ ምስጋናዬ የላቀ ነው።

ከዚህ በኋላ ያለውን ቁጥር ልሰጠው አልቻልኩም። በመጋቢት መጨረሻ መንደሩ የሚቀዳባት ከቁልቁለቱ በታች ያለችው ምንጭ ስታንስ ሴቶቹ ሌሊቱ ሳይነጋጋ ብቻ ሳይሆን ቀኑን ሙሉ ተራ ይዘው በሰሃን እየጨለፉ ነው የሚቀዱት። እታለማሁ በሚያዝያ የመጀመሪያ ሳምንት ጀሪካን አዝላ ስትወጣ አዳልጧት ወደቀች፤ የግራ እጇ ከአንጓው ላይ ተሰበረ። ወጌሻው በቀርከሃ ስንጥር አስሮላታል፤ የአጥሩ ቀርከሃ ደርቆ ስለነበር ከዚያ ነው የተሰነጠቀው። ልጠይቃት ስሄድ በሁለት ዓመት ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ ማሳዋ ታርሶ አገኘሁት። የወንድሟ ልጅ ገበየሁ በሬዎቹን አምጥቶ አርሶላታል፤ ችካሉም በእርሻው መሐል ተነቅሎ ወጥቷል። እንዳላየሁ ሆኜ ገባሁ።

"ድንቹ ይበላልና ልዝራው ብዬ ነው" አለችኝ፣ ሳልጠይቃት።

"መልካም አደረግሽ" አልኳት።

ይቅርታ ልጠይቃት አስቤ ነበር የሄድኩት። ያቺን "ትንሽ ስህተት ናት" ያልኩትን ቃል እንድትረሳልኝ፣ ወይም እንድትሰድበኝ። ከቤቷ ሁለት ሰዓት ያህል ተቀመጥኩ፤ ስለ ክረምቱ፣ ስለ ድንች ዘር፣ ስለ ገበየሁ በሬዎች አወራን። ቃሉ ከአፌ ሳይወጣ ተነሣሁ። እስከ በር ሸኘችኝና በደህናዋ እጇ ትከሻዬን ነካ አድርጋ "በርታ መምህር፣ አንተ ምን ታደርግ" አለችኝ። ክቡር ሆይ፣ ብትሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

ከክቡርነትዎ የምጠይቀው ምንም ነገር የለም። አዲስ ጥናት ለማስጠናት ከዕቅድ ያልወጣ ቀበሌ መሆን ያስፈልጋል፤ ወደ ዕቅድ ለመመለስ ደግሞ አዲስ ጥናት ያስፈልጋል፤ ይህን ባለሙያዎ በትዕግሥት አስረድቶኛል፣ ገብቶኛልም። የጻፍኩት የመንደሩ ሰዎች ይጻፍልን ብለው ስለላኩኝ ነው፤ እኔም ከመጻፍ ሌላ የምችለው ነገር የለም።

እግዚአብሔር በሥልጣንዎ ያጽናዎ፤ ከመዝገብ ቤትዎ ብዕር አይጥፋ፣ ማኅተምዎ ቀለም አይጣ፣ በሚረግጡት መሬት ሁሉ ከእግርዎ በታች ውሃ ይፍሰስልዎ እያልኩ፣ ያለ ልክ በተራዘመ አክብሮት እሰናበታለሁ።

አክባሪዎና ታዛዥዎ፣
አዝመራው ደረሰ
ጡረተኛ የጂኦግራፊ መምህር፣ የውሃ ኮሚቴ ጸሐፊ
ከዘንገና በላይ

ታ.ክ. ባለፈው ሳምንት ከጽሕፈት ቤትዎ የመጡ ሁለት ወጣቶች በደረቁ ጉድጓድ የብረት ክዳን ላይ "ለኅብረተሰቡ አገልግሎት የተሠራ" የሚል ጽሑፍ በሰማያዊ ቀለም ጽፈው ሄደዋል። ጽሑፉ እውነት መሆኑን በደስታ አረጋግጣለሁ፦ ክዳኑ ከመሬት ከፍ ብሎ በልክ ስለተሠራ፣ ሴቶቹ ከምንጭ ቀድተው ዳገቱን ሲወጡ ጀሪካናቸውን የሚያሳርፉት በእርሱ ላይ ነው።